ከሲንቄ እስከ ሄሊና መታፈሪያ፦ አካላቸውን ምስክር ያደረጉ ሴቶች



በዚህ አምድ አብዛኛውን ጊዜ የምናነሳው ስለ ቁጠባ፣ ስለ ብድር አመላለስና ስለ ገበያ ነው። ዛሬ ግን ስለ አንዲት የሥነ ጥበብ ሰው ልንጽፍ ወደናል። ስሟ ሄሊና መታፈሪያ ይባላል። ከኢትዮጵያውያን ወላጆች በአሜሪካ፣ ዋሽንግተን ዲሲ የተወለደች ስትሆን በብራውን ዩኒቨርሲቲ ሥነ ጥበብ ታስተምራለች። ሥራዎቿ የሚያጠነጥኑት በሴት ልጅ፣ በተለይም በጥቁር ሴት አካልና ማንነት ላይ ነው። ከምትሠራባቸው ዘርፎች አንዱ ፈረንጆቹ ፐርፎርማንስ አርት የሚሉት ነው።

አንዳንዶቻችሁ «ይህ ከእኛ ከአዳማ ሴቶች ጋር ምን አገናኘው?» ትሉ ይሆናል። እኛም መጀመሪያ ስለ እርሷ ስናነብ የጠየቅነው ይህንኑ ነው። እየቆየን ስናስበው ግን የአገራችን ሴቶች አካላቸውን በአደባባይ መናገሪያ ማድረግ የጀመሩት ዛሬ እንዳልሆነ ታየን። የጎደለው ድፍረቱ አይደለም፤ መዝገቡ ነው። ይህንን ለማሳየት ታሪኩን ከሥሩ እንጀምር።

ፐርፎርማንስ አርት ምንድን ነው?

ሠዓሊ ሸራና ቀለም አለው። ቀራፂም ድንጋይ ወይም እንጨት አለው። በዚህ ጥበብ ግን መሣሪያው የባለሙያዋ የራሷ አካል ነው። ከቲያትር የሚለየውም እዚህ ላይ ነው። ተዋናይት በመድረክ ላይ ሌላ ሰው ሆና ትጫወታለች። የፐርፎርማንስ ባለሙያ ግን አብዛኛውን ጊዜ የምትቆመው ራሷን ሆና ነው፤ የሚሆነውም ነገር በተመልካቹ ፊት በእውነት ይሆናል።

ለምሳሌ ጃፓናዊቷ ዮኮ ኦኖ እ.ኤ.አ. በ1964 በኪዮቶ ከተማ መድረክ ላይ ቁጭ ብላ መቀስ ከፊቷ አስቀመጠች። ተመልካቹ ተራ በተራ እየወጣ ከለበሰችው ልብስ ቆርጦ እንዲወስድ ተፈቀደለት። እርሷ ዝም ብላ ተቀመጠች። ምንም ንግግር አልነበረም፤ ነገር ግን እዚያ የነበረ ሰው ሁሉ በሴት ልጅ አካል ላይ ማን መብት እንዳለው ራሱን ሳይጠይቅ አይቀርም።

ይህ ጥበብ አንድ ችግር አለበት። ካለቀ በኋላ የሚቀር ዕቃ የለውም። የሚቀረው ፎቶግራፍ፣ ቪዲዮና ያዩ ሰዎች ትዝታ ብቻ ነው። በእኛ በሒሳብ ሙያ ደረሰኝ ያልቀረበበት ወጪ እንዳልወጣ ይቆጠራል፤ ገንዘቡ በእርግጥ ወጥቶ ቢሆንም እንኳ። የሴቶች የአደባባይ ታሪክም እንደዚሁ ነው። ተደርጓል፤ ደረሰኙ ግን የለም።

ሲንቄ የያዙ እናቶች

ከአዳማ ወጣ ብሎ ወደ አርሲ፣ ወደ ባቱና ወደ ሻሸመኔ የሚሄድ ሰው የሲንቄን ነገር ሳይሰማ አይቀርም። ሲንቄ ቀጭንና ቀጥ ያለ በትር ነው። በኦሮሞ ባህል እናት ለልጇ በሠርጓ ዕለት ትሰጣታለች። ያገባች ሴት የክብሯና የመብቷ ምልክት አድርጋ ትይዘዋለች።

በትሩ ለጌጥ ብቻ የሚያዝ አይደለም። አንዲት ሴት፣ ይልቁንም አራስ የሆነች ሴት፣ በባሏ ከተደበደበች ጩኸት ታሰማለች። ጩኸቱን የሰማች ሴት ሁሉ የያዘችውን ሥራ ጥላ ሲንቄዋን አንሥታ ትወጣለች። ላሟ ሳትታለብ፣ ሕፃኑ ሳይበላ፣ ምድጃው ሳይነድ ይቀራል። ሴቶቹ ተሰብስበው እየዘመሩ ወደ በዳዩ ደጅ ይሄዳሉ። ነገሩ ከከበደም ቀዬውን ለቀው ወጥተው በትልቅ ዛፍ ጥላ ሥር ይቀመጣሉ። ሽማግሌዎች በዳዩን አቅርበው፣ ይቅርታ አስጠይቀውና ካሣ አስከፍለው ካልጨረሱ በቀር አይመለሱም። ጠብ በተነሣበትም ቦታ ሲንቄ የያዙ ሴቶች በሁለቱ ወገኖች መካከል ሲቆሙ ወንዶቹ መሣሪያቸውን ይመልሳሉ፤ ያንን መሥመር መጣስ ነውር ነውና።

እንግዲህ ይህንን ምን እንበለው? ሴቶቹ ደብዳቤ አልጻፉም፤ ጠበቃም አላቆሙም። ያቀረቡት አካላቸውን ነው። ከማጀት መጥፋታቸው አንድ ንግግር ነው፤ በአደባባይ መታየታቸው ሌላ ንግግር ነው። የገዳ ሥርዓት እ.ኤ.አ. በ2016 በዩኔስኮ የማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ሲገባ ሲንቄም የዚሁ ሥርዓት አካል ሆና ታወቀች። ዛሬ በቢሾፍቱ በሆራ አርሰዲ ለኢሬቻ የሚወጡ እናቶች ይዘዋት እናያለን። ከኦሮሚያ ብድርና ቁጠባ ተቋም ያደገው ባንክም ስሙን ከእርሷ ወስዶ ሲንቄ ባንክ ተብሏል። በትሯ በባንክ በር ላይ ተጽፋለች። በትሯን ይዘው የወጡት የአርሲ እናቶች ስም ግን የትም አልተጻፈም።

መድረክ ላይ የወጡት

ወደ ከተማ ስንመጣ ታሪኩ ሌላ መልክ ይይዛል። ሐምሌ 1927 ዓ.ም. በተመሠረተው በአገር ፍቅር ማኅበርና ከዚያም በኋላ በነበሩት መድረኮች ለረጅም ጊዜ የሴት ገጸ ባሕርያትን የሚጫወቱት ወንዶች ነበሩ። ሴት ልጅ በብዙ ሰው ፊት ቆማ መታየቷ እንደ ነውር ይቆጠር ነበርና ወንዱ ቀሚስ ለብሶ፣ ሻሽ አስሮ ሴት ሆኖ ይጫወት ነበር። «ሴት ወደ ማጀት፣ ወንድ ወደ ችሎት» የሚለው አባባል መድረኩንም ይገዛ ነበር ማለት ነው።

ይህንን ከሰበሩት ከመጀመሪያዎቹ ሴቶች አንዷ አስናቀች ወርቁ ናት። በክራር ተጫዋችነቷና በድምፅዋ የምትታወቀው አስናቀች በቲያትር መድረክ ላይ ሴትን ሴት ሆና በመጫወት ከቀዳሚዎቹ ትቆጠራለች። ዛሬ ይህ ቀላል ነገር ይመስላል። በዚያ ዘመን ግን መድረክ ላይ የምትወጣ ሴት የሚሰጣት ስም ምን እንደነበር የሚያውቅ ያውቀዋል። «አዝማሪ» የሚለው ቃል የሙያ ስም መሆኑ ቀርቶ ስድብ ነበር። አስናቀች ያንን ስድብ ተሸክማ ክራሯን ደረደረች። ዘፈኖቿ በኤትዮፒክ የሙዚቃ ስብስብ በ16ኛው ቅጽ ታትመው በውጭ አገርም ተደምጠዋል። በመስከረም 2004 ዓ.ም. ስታርፍ አገር አዝኖላታል።

ከአስናቀች በኋላ በብዙ ዓመት፣ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ አጋማሽ፣ ሮይስተን ማልዱም የተባለ እንግሊዛዊ የዳንስ ባለሙያ አዲስ አበባ መጥቶ ከመቶ በላይ የጎዳና ልጆችን አሠልጥኖ መድረክ ላይ አወጣ። ከዚያ ሥልጠና አዱኛ የተባለው የማኅበረሰብ የዳንስ ቡድን ተወለደ። ቡድኑ አካል ጉዳተኞችንም ያካተተ ነበር። ከቡድኑ ልጆች አንዱ ጁነይድ ጀማል ሰንዲ እ.ኤ.አ. በ2004 በሮሌክስ የጥበብ መርሐ ግብር ተመርጦ ከጃፓናዊው ሳቡሮ ተሺጋዋራ ጋር ለመሥራት በቃ። ትናንት በመንገድ ላይ ሰው ሲያየው ፊቱን የሚያዞርበት ልጅ፣ ያው አካሉ ሰዎች ወንበር ይዘው የሚያዩት ሆነ። አካሉ አልተለወጠም፤ የተለወጠው የሚታይበት ቦታ ነው።

ጀሪካንና ቀለም

ፎቶግራፍ አንሺዋ አይዳ ሙሉነህም በዚህ ታሪክ ውስጥ ቦታ አላት። አይዳ የተወለደችው እ.ኤ.አ. በ1974 አዲስ አበባ ሲሆን በልጅነቷ ከአገር ወጥታ በየመን፣ በቆጵሮስና በካናዳ አድጋለች። አሜሪካ በሚገኘው ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ተምራ፣ ከዓመታት በኋላ ወደ አገሯ ተመልሳ እ.ኤ.አ. በ2010 አዲስ ፎቶ ፌስት የተባለውን የፎቶግራፍ ፌስቲቫል መሠረተች። በሥራዎቿ የሴቶችን ፊትና አካል በቀይ፣ በሰማያዊና በነጭ ቀለም ቀብታ ታቆማቸዋለች። ሴቲቱ እንደ ሐውልት ትቆማለች፤ ዓይኗ ግን ያየናል።

እ.ኤ.አ. በ2018 ወተርኤይድ ለተባለው ድርጅት የሠራችው የውኃ ሥራ ለእኛ በጣም ይቀርበናል። ፎቶግራፎቹን ያነሣችው በአፋር ዳሎል ነው። በአዳማ አጠገብ፣ በወንጂ በኩል የሚያልፈው አዋሽ ተጉዞ የሚጠፋው በዚያው በአፋር ምድር ነው፤ ዳሎልም የዚሁ የስምጥ ሸለቆ ሰሜናዊ ጫፍ ነው። በሥዕሎቹ ላይ ያሉት ሴቶች ውኃ የሚቀዱ፣ ውኃ የሚሸከሙ ናቸው። ስለ ውኃ እጥረት የሚሠሩ ፎቶግራፎች ብዙ ጊዜ የሚያሳዩን የተራቆተችና የምታሳዝን ሴት ነው። አይዳ ግን ሴቲቱን በክብር ልብስ አቆመቻት። ጀሪካን በጀርባዋ አዝላ ዳገት የወጣች የማኅበራችን አባል ይህንን ልዩነት ለመረዳት ማብራሪያ አያስፈልጋትም።

ሄሊና መታፈሪያ፦ መዝገቡን ዘውድ ያደረገች

አሁን ወደ ሄሊና እንመለስ። የአሜሪካ ጥቁሮች ለእኩልነት መብት ባደረጉት ትግል ውስጥ ሴቶች የነበራቸው ድርሻ ትልቅ ነው። ስብሰባ የጠሩ፣ በራሪ ወረቀት ያባዙ፣ ለሰልፈኛ ምግብ ያበሰሉ፣ ገንዘብ ያሰባሰቡ እነርሱ ነበሩ። በታሪክ መጽሐፍ ላይ ጎላ ብሎ የተጻፈው ግን ማይክሮፎኑን የያዘው ወንድ ነው። ሄሊና «ባይ ዌይ ኦፍ ሬቮሉሽን» ባለችው፣ ወደ እኛ ሲመለስ «በአብዮት መንገድ» እንደማለት በሆነው ተከታታይ ሥራዋ የተነሣችው ይህንን የተዘነጋ የሴቶች ድካም ወደ ብርሃን ለማውጣት ነው።

አሠራሯ እንዲህ ነው። ወደ ቤተ መዛግብት ትገባና የቆዩ የሰልፍ ፎቶግራፎችን፣ ጋዜጦችንና ወረቀቶችን ትሰበስባለች። በሌላ በኩል ዛሬ በየአካባቢያቸው ለመብት የሚሠሩ ሴቶችን በዐውደ ጥናት ታሰባስባለች። አብረው ይወያያሉ፤ አካላቸውንም ያንቀሳቅሳሉ። ከዚያ ሴቶቹ ፎቶ ይነሣሉ። ሄሊና የሰበሰበቻቸውን የመዝገብ ምስሎች ቆራርጣና አያይዛ በእያንዳንዷ ሴት ራስ ላይ ትልቅ ዘውድ አድርጋ ትሠራለች። የእነዚህ ሥዕሎች ስም «ሄድድረስ» ነው፤ የራስ ጌጥ ማለት ነው። ከሩቅ ሲታይ የንግሥት ዘውድ ይመስላል። ቀረብ ሲሉ ግን ዘውዱ ውስጥ ሰልፈኞች፣ መፈክሮችና የድሮ ሴቶች ፊት ይታያሉ። «ዘ ኮል» በተባለው የቪዲዮ ሥራዋ ደግሞ በመብት ትግሉ የታወቁ ሰዎች ልጆችና የልጅ ልጆች ይታያሉ። እ.ኤ.አ. ከ2021 እስከ 2022 በቦስተን የሥነ ጥበብ ሙዚየም ለብቻዋ ያቀረበችው ዐውደ ርዕይ ስሙ «ጄነሬሽንስ» ነበር፤ ትውልዶች።

ይህ ስም ከቤቷም ታሪክ ጋር ይገጥማል። እናቷ ነፍሳቸውን ይማረውና ዶ/ር ማይገነት ሽፈራው ናቸው። በስደት ምድር ሆነው ለኢትዮጵያውያን ሴቶች መብት ሲከራከሩ የኖሩ፣ የኢትዮጵያ ሴቶች መብት ማዕከልን የመሩ ሴት ነበሩ። እናት በስብሰባና በጽሑፍ የያዘችውን ጉዳይ ልጅ በአካልና በምስል ቀጠለችው። ሲንቄ ከእናት ወደ ልጅ እንደሚተላለፈው ማለት ነው።

በዚህ ሥራ ውስጥ ለእኛ ትልቁ ትምህርት ይህ ይመስለናል። አካል ብቻውን በቂ ምስክር አይደለም፤ ያልፋል፣ ይደክማል፣ ይሞታል። ወረቀት ብቻውንም በቂ አይደለም፤ መደርደሪያ ላይ አቧራ ይለብሳል። ሄሊና ሁለቱን አንድ ላይ አደረገቻቸው። ወረቀቱን በሕያው ሰው ራስ ላይ አስቀመጠችው፤ ሰዋችንም ወረቀቱ ባለቤት እንዳለው አየ። በእኛ አገር የሴት ሸክም በጀርባዋ ነው፤ ጎንበስ ያደርጋል። ራስ ላይ የተቀመጠ ነገር ግን ቀና ካላሉ አይቆምም።

አሻራ

በከተማችን በብዙ ዕድሮች መዝገብ ላይ የሚጻፈው የአባወራው ስም ነበር። በለቅሶው ድንኳን ጀርባ ጭስ እየጠጣች ንፍሮ የምትቀቅለው፣ ወጥ የምትሠራው ግን ሴቲቱ ናት። መዝገቡን ብቻ ያነበበ ሰው በዚያ ዕድር ውስጥ ሴት አልነበረችም ብሎ ሊደመድም ይችላል። ሕጉም ለረጅም ጊዜ ከዚህ የራቀ አልነበረም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ባልን የቤተሰቡ ኃላፊ ያደርግ ነበር። ባልና ሚስት በትዳራቸው እኩል መብት እንዳላቸው በግልጽ የደነገገው የተሻሻለው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ የወጣው በ1992 ዓ.ም. ሲሆን፣ የኦሮሚያ የቤተሰብ ሕግ ደግሞ በ1995 ዓ.ም. ተከተለ።

ወደ ራሳችን የቁጠባ መዝገቦች ስንመጣ፣ በቀደሙት ደብተሮች ላይ ከብዙ ስሞች አጠገብ ያለው ፊርማ ሳይሆን የአውራ ጣት አሻራ ነው። ሒሳብ ስናመሳክር ዓመታት ሙሉ ገጾቹን ገልጠናል። አንዱ አሻራ ጥርት ያለ ነው፤ ሌላው መሥመሩ የጠፋ፣ ሰማያዊ ነጠብጣብ ብቻ ነው። የጠፋው በቀለሙ ማነስ አይደለም። ልብስ በማጠብ፣ ሽንኩርት በመክተፍ፣ እንጀራ በመጋገር የኖረ ጣት መሥመሩ ያልቃል።

በቅርብ ጊዜም አንዲት አረጋዊት አባላችን በአንድ መሥሪያ ቤት አሻራ እንዲሰጡ ተጠይቀው ነበር። መሣሪያው ደጋግሞ አልቀበልም አለ። ሠራተኛዋ «እማማ፣ አሻራ የለዎትም» ስትላቸው፣ እርሳቸው «የእኔን አሻራ ምጣዱ ላይ ፈልጊው» አሉ። በዚያ የነበረ ሰው ሳቀ፤ እርሳቸውም ሳቁ። ሆኖም ነገሩ የሚያስቅ አልነበረም። አርባ ዓመት በምጣድ ላይ ያለፈ እጅ የሰውየዋን ማንነት አጠፋባት፤ ያ ሁሉ ሥራ ደግሞ በየትም አልተመዘገበም። አካልና ማንነት የሚባለው ጉዳይ የሙዚየም ወሬ ብቻ እንዳልሆነ ከዚህ የበለጠ የሚያስረዳን የለም።

ሌላም ጉዳይ አለ። ከአባሎቻችን ልጆች መካከል ዳንስና ቲያትር የሚወዱ አሉ። በቡናችን ላይ «ልጄ አዝማሪ ልትሆንብኝ ነው» የሚል ስጋት ሲነሣ ሰምተናል። የእናት ስጋት ይገባናል፤ መተዳደሪያ ማሰብ የእናት ሥራ ነው። ልጅቷ ትምህርቷን ትያዝ የሚለው ምክርም ተገቢ ነው። ነገር ግን ስጋቱ ስለ ገቢ ከሆነ ስለ ገቢ እንነጋገር፤ ስለ ነውር ከሆነ ግን ሲንቄ ይዘው አደባባይ የወጡት አያቶቿ ነውረኞች አልነበሩም፤ አስናቀችም አልነበረችም።

ምን እናድርግ?

ሐሳባችን ብዙ ወጪ የሚጠይቅ አይደለም። አንደኛ፣ እያንዳንዱ ራስ አገዝ ቡድን በወር አንድ ስብሰባ ላይ ግማሽ ሰዓት መድቦ የአንዲት ነባር አባልን ታሪክ ይመዝግብ። ስሟ ከነአባቷ ይጻፍ እንጂ «የአቶ እገሌ ባለቤት» ተብሎ አይለፍ። የት እንደተወለደች፣ ምን ሥራ እንደሠራች፣ በእጇ ምን እንዳሳለፈች ይጻፍ። መጻፍ የማትችል ትናገር፤ ልጅ ያላት ልጇ ይጻፍላት፤ የፈለገች በኦሮምኛ፣ የፈለገች በአማርኛ ታውራ።

ሁለተኛ፣ ፈቃደኛ የሆኑ እናቶች ፎቶግራፍ ይነሡና ለየካቲት 29 የሴቶች ቀን በስብሰባ አዳራሻችን ግድግዳ ላይ እንስቀላቸው። ከቀደሙት የቁጠባ ደብተሮች ገጾች ቅጂ ወስደን፣ አሻራቸው ያለበትን ክፍል በፎቶው ላይ እንደ ሄሊና ሥራ በራሳቸው ላይ ማድረግ እንችላለን። የቁጠባው መጠን ግን የሰው ምስጢር ነውና መሸፈን አለበት፤ ዋናው ደብተርም ከመዝገብ ቤት አይወጣም፣ አይቆረጥም።

ሦስተኛ፣ ለደጋፊዎቻችን አንድ ነገር እንላለን። በየሩብ ዓመቱ የምንልክላችሁ ሪፖርት ስንት ሴት ቆጠበች፣ ስንት ሴት ተበደረች፣ ስንት መለሰች ይላል። ቁጥሩ ትክክል ነው፤ እኛው ነን የምንሠራው። ነገር ግን ቁጥር ፊት የለውም። ከአሁን በኋላ ከሪፖርቱ ጋር አባላት ፈቅደው የሰጡትን አንድ አንድ ታሪክ አብረን ለመላክ አስበናል። ለዚህ የሚያስፈልገን አንድ ድምፅ መቅጃና ቁልፍ ያለው አንድ የመዝገብ ሣጥን ብቻ ነው።

ነባር እናቶቻችን በዕድሜ ገፍተዋል። በየዓመቱ አንድ ሁለት ስም ከመዝገባችን ላይ በሞት ምክንያት እንሰርዛለን፤ ሒሳባቸውንም ለወራሾቻቸው አስልተን እናስረክባለን። ገንዘቡ ለወራሽ ይደርሳል። ታሪካቸውም ይደርስ ዘንድ ሥራውን ከሚቀጥለው የወር ስብሰባ እንጀምር።

ከማኅበሩ ሒሳብ ክፍል፣ አዳማ